በሦስት ዓመት ታብባለች

ከደብረ ታቦር ወደ ጋፋት በሚወስደው የእግር መንገድ፣ ቤቱ አልቆ ገብሱ ከመጀመሩ በፊት፣ ጎን ለጎን የቆሙ ሁለት ግቢዎች አሉ። ባንደኛው ሂክማ ትኖራለች፣ በሌላው እማማ ፈንታነሽ። በመካከላቸው አጥር ነበረ። ሂክማ ከገሳይ ተድራ የመጣች ሰሞን፣ የበኩር ልጇን ስታምጥ እማማ ፈንታነሽ ዞረው በበሩ ለመምጣት ትዕግሥት አጥተው በአጥሩ ሽንቁር ገቡ። ሽንቁሩ በምልልስ እየሰፋ ሄደ፤ ኋላም አጥሩ ወደቀ። መልሶ ያቆመው የለም።

ሂክማ ችግኝ አፍልታ ትሸጣለች። ጌሾ ታፈላለች፣ ጽድ ታፈላለች፣ ከሁሉ በላይ ግን የምትታወቀው በአፕል ነው። ያንዱን ዛፍ ቀንበጥ በሌላው ግንድ ላይ ሰንጥቃ ታስገባና በላስቲክ ጥብቅ አድርጋ ታስረዋለች፤ ቁስሉ ሲሽር ሁለቱ አንድ ዛፍ ይሆናሉ። እንዲህ የተዳቀለ ችግኝ የወላጁን ዕድሜ ይዞ ስለሚወለድ ቶሎ ያብባል። ከፍሬ የበቀለ ግን ሕፃን ነው፤ አድጎ እስኪበስል መጠበቅ ነው። ይህን ከሂክማ የተሻለ የሚያውቅ በአካባቢው የለም። ገበሬው ችግኙን ታቅፎ "መቼ ነው አበባውን የማየው?" ሲላት "ለሦስተኛው ዓመት" ካለች ለሦስተኛው ዓመት ነው። "የሂክማ ቃል እንደ እንቁጣጣሽ ነው፣ ቀኑን አይስትም" ይሏታል።

እማማ ፈንታነሽም ይህን ቃል ነው ያመኑት።

እማማ በልጅነታቸው ጎንደር፣ አንድ የውጭ አገር ሐኪም ግቢ ወጥ ሠሪ ነበሩ። በዚያ ግቢ አንዲት ትልቅ ዛፍ ነበረች። ቅጠሏ ቅቤ የተቀባ ይመስላል፤ አበባዋ ነጭ ነው፣ የወጥ ሳህን ያህላል፣ ሽታው ገና የተላጠ ሎሚ ነው። የግቢው ጥበቃ ደረጄ አንድ ማለዳ ካበቡት አንዷን ቆርጦ በኩሽናው መስኮት አቀበላቸው። ማታውኑም ለጓደኞቹ እንዲህ ብሎ አዜመ፦

አበባ ብሰጣት፣ አበባውን አቅፋ፣
እኔን ረሳችኝ፣ ከነልቤ ጠልፋ።

አገባቸው። ደብረ ታቦር ይዟቸው መጣ። አብረው አረጁ፣ እሱ ቀደመ። ተዝካሩ ባለፈ ማግስት እማማ ፈንታነሽ ወደ ሂክማ የችግኝ መደቦች መጥተው ከችግኞቹ መሀል ቆሙ።

"ልጄ፣ ያቺን የጎንደሯን ዛፍ ታውቂያታለሽ?"

"ማግኖሊያ ነው ስሟ፣ እማማ።"

"ስሟን ተይው፤ ማንጎ ይመስላል። ታበቅይልኛለሽ ወይ?"

"ማብቀሉ መች ይቸግረኛል።"

"መቼ ታብባለች?"

"በሦስት ዓመት" አለች ሂክማ።

ያን ስትል እውነቷን ነበር። ባሏ ነስሩ ሚኒባስ ነጂ ነው፤ አዲስ አበባ ድረስ ዘልቆ አንዲት የተዳቀለች የማግኖሊያ ችግኝ በጉልበቱ ላይ አድርጎ አመጣላት። ሂክማም ክረምቱ እስኪመጣ በመደቧ ላይ እንደ ሕፃን ያዘቻት። ኅዳር ላይ ግን የእኅቷ ሠርግ ደረሰና ወደ ገሳይ ስትጣደፍ ችግኟን በሣር ሳትሸፍን ሄደች። ውርጩም ያችኑ ሌሊት ወረደ። ስትመለስ ቅጠሏ እሳት የላሰው ወረቀት መስሎ ጠበቃት።

ከመደቡ ጥግ ሌሎች ማግኖሊያዎች ነበሩ። ነስሩ ከጎንደሯ ዛፍ ሥር ለቅሞ ካመጣው ቀይ ፍሬ የበቀሉ ናቸው። ቅጠላቸው ያው ነው፣ መልካቸው ያው ነው። ልዩነታቸው በውስጣቸው ያለው ዘመን ብቻ ነው። ከፍሬ የበቀለች ማግኖሊያ አሥራ አምስት ዓመትም ልትቆይ ትችላለች፤ ሃያም የፈጀባቸው አሉ። ሂክማ ከነሱ ጠንካራዋን መረጠች። ማግኖሊያ ሥሯ ሲነካ ታኮርፋለችና ከነአፈሯ አቅፋ ወሰደቻት፣ በእማማ ግቢ ጉድጓድ ውስጥ ቀስ አድርጋ አወረደቻት። 'አሁን ሐዘን ላይ ናቸው፤ ሲበርድላቸው እነግራቸዋለሁ' አለች በሆዷ።

አፈሩን መልሳ ቀና ስትል እማማ ፈንታነሽ ነጠላቸውን አደግድገው፣ እጃቸውን ወደ ላይ ዘርግተው ቆመዋል።

"ሚካኤል ሆይ፣ አበባዋን እስካይ ዓይኔን አቆይልኝ። የመጀመሪያዋን አበባ ለሰኔ በዓልህ ይዤልህ እመጣለሁ።"

ስለት ተሳሉ። ሂክማ የስለትን ክብደት አላጣችውም፤ በወገኗ ነዝር ይባላል፣ አንዴ ከአፍ ከወጣ በሰውና በፈጣሪው መካከል የተወጠረ ገመድ ነው። ያኔ ነበር መናገር። 'እማማ፣ ይቆዩ፣ ይቺ ያቺ አይደለችም' ማለት ነበር። እሷ ግን ጎንበስ ብላ አፈሩን በእጇ ጠቀጠቀች። እማማም አገላብጠው ሳሟት።

ውሸት ዘሩ ቀላል፣ በእፍኝ ይዘራል፣
አጨዳው ሲደርስ ግን፣ ወገብ ይሰብራል።

እማማ ዓይናቸውን አደራ ማለታቸው ያለ ነገር አልነበረም። እንደ ብዙ የደጋ ሴት ሽፋሽፍታቸው ወደ ውስጥ ተገልብጧል። ዓይናቸውን በከደኑ ቁጥር ፀጉሩ ብሌኑን ይፍቀዋል። ወረንጦ ከማተባቸው ጋር አንጠልጥለው፣ ፀሐይ ላይ ተቀምጠው፣ በጣታቸው እየዳበሱ ይነቅሉታል። የተነቀለው ደግሞ እንደ ታጨደ ገለባ ሹል ሆኖ ይመለሳል። የጤና ጣቢያዋ ነርስ ሰላማዊት ስንቴ ለምናቸዋለች።

"እማማ፣ ትንሽ ቀዶ ናት። የዓይን ሽፋኑን ወደ ውጭ መልሶ መስፋት ብቻ። እንግዲህ ምን ያስፈራዎታል?"

"አልፈራሁም። ዓይኔን ለሚካኤል አደራ ሰጥቼ፣ አበባዋን ሳላይ ለምላጭ ብሰጥ 'አላመንኩህም' ማለት አይደል? አደራ ያስቀመጡትን መልሶ መንጠቅ ምን የሚሉት ነውር ነው!"

"አበባዋ እኮ መቼ እንደምትመጣ አይታወቅም።"

"ይታወቃል እንጂ። ሂክማ ለከርሞ ብላኛለች።"

ብላለች። ሦስተኛው ዓመት ሲያልፍ "ብርዱ አዘገያት፣ ለከርሞ" አለች። በሚቀጥለው "ዝናቡ በዛባት" አለች። ከዚያ ደግሞ የማግኖሊያ እንቡጥ ከቅርንጫፉ ጫፍ ላይ ነው የሚወጣውና፣ "ጫፏን ፍየል ቀነጠበብዎ፣ ያ ባይሆን ኖሮ" ብላ በፍየል ላይ በሐሰት መሰከረች። አንዱን ውሸት ሌላው እየደገፈው ዓመታት ነጎዱ፤ በነዚያው ዓመታት የእማማ ፈንታነሽ ቀኝ ዓይን ወተት ጠብ እንዳለበት ውሃ ሆነ፤ ቀስ እያለ ነጣ። ከዚያ ወዲህ በግራው ብቻ ነው የሚያዩት። ከሰዓት በኋላ ዛፏ ሥር ይቀመጡና ቅጠሏን እየዳሰሱ ያንጎራጉራሉ፦

የተከልኩሽ ዛፌ፣ አብቢ አደራ፣
ዓይኔ መንገደኛ፣ ልቤ ባለ ተራ።

ሂክማ ይህን ስትሰማ መደቧ ላይ እንዳጎነበሰች ትቀራለች። እንጉርጉሮው ሳያልቅ ቀና ማለት አይሆንላትም። ሶላቷን ስትሰግድ ደግሞ፣ በመጨረሻ ሰላምታውን ወደ ቀኝ የምታደርሰው በእማማ ግቢ በኩል ነው። ፊቷን ወደዚያ ታዞርና "ሰላም በእናንተ ላይ ይሁን" ትላለች። በዚያ ግቢ ላይ ያወረደችው ግን ሰላም እንዳልሆነ ታውቃለች። አንድ ሰሞን ምንጣፏን ወደ ሌላው ክፍል ወስዳ ሰግዳ ነበር። አቅጣጫ ግን በክፍል አይለወጥም።

ዘንድሮ፣ ግንቦት ሊያልቅ ሲል፣ ሰላማዊት ገበያ መሀል አገኘቻትና ወደ ዳር ሳበቻት።

"የእማማ የቀረችው ዓይንም መነካቷን ታውቂያለሽ?"

ሂክማ የያዘችውን ዘንቢል መሬት አስቀመጠች።

"ቀዶ ሠሪዎቹ ሰኔ አጋማሽ ላይ ወደ ሌላ ወረዳ ያልፋሉ። ክረምቱን በዚህ ዓይነት ከተሻገሩ ይቺኛዋም ትከተላለች። እስቲ አንቺ ንገሪያቸው።"

"እኔን የት ይሰሙኛል ብለሽ?"

"አንቺን ካልሰሙ ማንን ሊሰሙ ነው? 'የሂክማ ቃል አይታጠፍም' ነው የሚሉት ሁልጊዜ።"

ያን ቀን ሂክማ ቤቷ ገብታ ለነስሩ ሁሉንም ነገረችው፤ ውርጩን፣ የለወጠቻትን ችግኝ፣ ስለቱን። ነስሩ ጫማውን በግማሽ እንዳወለቀ ቀረ።

"ሰባት ዓመት ሙሉ ይህን ይዘሽ ከጎኔ ትተኛለሽ?"

"ተኝቼ መች አውቃለሁ።"

"እኔ ደግሞ በኔ ማንኮራፋት የምትነቂ መስሎኝ!" አለና ሳቁ ከአፉ ሳይወጣ ጠፋ። "እና አሁን ምን አሰብሽ?"

"መንገዱ ክፍት ከሆነ ጎንደር ሂድልኝ። ያቺ ዛፍ በዚህ ወራት አብባለች። ሊፈካ የደረሰ እንቡጥ ከነቅርንጫፉ አምጣልኝ። በዛፋቸው ላይ ሲያዩት ስለታቸውን ያደርሳሉ፤ ከዚያ ለቀዶው እሺ ይላሉ።"

"አንቺ ሴትዮ፣ የሰው አልበቃ ብሎሽ መልአክ ልታታልይ ነው?"

"ዓይናቸው ትትረፍ እንጂ፣ የኔን ነገር አላህ ያውቃል።"

"በሰው ስለት መሀል መግባት ደግ አይመስለኝም።"

"ደግ ነው መች አልኩህ!"

ነስሩ ሄደ። በሰኔ ሚካኤል ዋዜማ አፉ በተቆረጠ ጀሪካን ውሃ ሞልቶ፣ በመሀሉ አንዲት ቅርንጫፍ አቁሞ፣ ጋቢናው ውስጥ አስቀምጧት መጣ። እንቡጧ የሕፃን ጭብጥ ታህላለች፤ ነጩ ብቅ ብሏል። "ዘበኛው 'ለሠርግ ነው ለለቅሶ?' ቢለኝ፣ 'ገና አልለየለትም' አልኩት" አለ።

እማማ ፈንታነሽ ለቅሶ ደርሰው እስኪመለሱ ሂክማ በወደቀው አጥር ተሻገረች። በአፕል ቢላዋዋ የዛፏን አንድ ቅርንጫፍ ሰነጠቀች፤ የጎንደሯን ቅርንጫፍ ሾል አድርጋ አስገባች፤ በላስቲክ ጠቀለለች፤ ቅጠል ደረበችበት። እጇ አልተንቀጠቀጠም። ከሠራችው ሁሉ ያስደነገጣት ይኸው ነው፤ እጇ ለእውነቱም ለውሸቱም እኩል መታዘዙ።

ሲነጋ እልልታው መንደሩን አናጋው።

"ሂክሚ! አንቺ የገሳይ ልጅ! ነይ ውጪ! ሽታው ነው የቀሰቀሰኝ!"

ሂክማ ስትደርስ እማማ ፈንታነሽ በባዶ እግራቸው ዛፏ ሥር ቆመው፣ በቀረችው ዓይናቸው አበባዋን ይመለከታሉ። ያቺው ዓይናቸው ታነባለች። ከሽፋሽፍቱ ይሁን ከደስታው አይለይም።

"የደረጄን አጽም፣ ራሷ ናት! ሰው ሁሉ 'የፈንታነሽ ዛፍ መካን ናት' ሲል እኔ አንቺን ብቻ ነበር የማምን። በይ እጅሽ የተባረከ ነው፣ አንቺው ቁረጪልኝ። ስለቴን ላድርስና ከዚያ ወዲያ ሰላማዊት እንደፈለገች ትስፋኝ።"

ሁሉም ነገር ሂክማ እንዳሰበችው እየሆነ ነበር። ከላስቲኩ በላይ ቆረጠችላቸው። እማማ አበባዋን በነጭ ጨርቅ ላይ አስቀምጠው፣ ነጠላ አጣፍተው፣ "እስከ ቅጽሩ ሸኚኝ" አሏት። መንገዱ ነጭ በለበሰ ሰው ተሞልቷል። የሚያውቋቸው ሁሉ ያስቆሟቸዋል። "አበበች እንዴ፣ እማማ?" ሲሏቸው "አበበች! ሂክማ ናት እኮ የተከለችልኝ!" ይላሉ። በዚያ መንገድ ሂክማ የተመረቀችው ምርቃት ከሠርጓ ቀን ይበልጣል። እያንዳንዱ ምርቃት እንደ ጠጠር ጫማዋ ውስጥ ይገባል። ከሷ የሚፈለገው ዝምታ ብቻ ነው፤ እስከ በሩ ዝም ማለት፣ ሲወጡ እጃቸውን ይዞ ጤና ጣቢያ ማድረስ። ሰባት ዓመት ዝም ያለ ሰው ይህን ያህል መንገድ እንዴት ያቅተዋል?

ከቅጽሩ በር ሲደርሱ እማማ ጫማቸውን አወለቁ። የሂክማን እጅ ለቀው አበባዋን በሁለት እጃቸው ከፍ አደረጓት፤ "አላሳፈርከኝም፣ አላሳፍርህም" አሉ ወደ ውስጥ እያዩ።

"እማማ፣ ይቆዩኝ።"

"ምነው ልጄ?"

"አበባዋ የዛፍዎ አይደለችም።"

"ምን ትያለሽ አንቺ?"

"ነስሩ ከጎንደር ነው ያመጣት። ትናንት እኔ ነኝ በዛፍዎ ላይ ያሰርኳት።" ከጀመረች ወዲያ ቃሉ አላቆመላትም። "በሦስት ዓመት ታብባለች ያልኩዎት ችግኝ ሳልሸፍናት ሄጄ ውርጭ ገደላት። የተከልኩልዎት ከፍሬ የበቀለችውን ነው። እሷ በሦስት ዓመት አታብብም። ያኔም አውቅ ነበር።"

እማማ ፈንታነሽ ለረጅም ጊዜ አላዩአትም። አበባዋን ነበር የሚያዩት። ከውስጥ ከበሮው ይመታል፤ ሰው እየተጋፋ በአጠገባቸው ያልፋል።

"ያኔም ታውቂ ነበር።"

"አዎ።"

"ይቺ ስትጠፋም" አሉ፣ በጣታቸው የነጣውን ዓይናቸውን ነክተው፣ "እያየሽ፣ ታውቂ ነበር።"

"አዎ፣ እማማ።"

ጥፊ ጠበቀች። ቢመቷት በወደደች። እማማ ግን ከቅጽሩ ሥር ካለው ድንጋይ ላይ ተቀመጡ።

"እውነቱ ስንት ዓመት ነው ታዲያ?"

"አሥራ አምስት። ሃያም ሊሆን ይችላል። ሰባቱ ሄዷል።"

"ሌላ የደበቅሽኝ አለ?"

ሂክማ አሰበች። "ፍየሏ።"

"የቷ ፍየል?"

"ጫፏን ቀነጠበችብዎ ያልኩዎት። ፍየል አልነበረችም።"

"ያቺን ፍየል እኮ ሁለት ዓመት ሙሉ ስረግማት ነው የኖርኩ!" አሉ እማማ። ከንፈራቸው ሊስቅ ቃጣው፤ ወዲያው ግን ተጨማደደና ነጠላቸውን አፋቸው ላይ ያዙ። ሂክማ አንድም ቀን እንዲህ ሲያለቅሱ አይታቸው አታውቅም፤ ደረጄ ሲቀበርም።

ቆይተው አበባዋን ከነጨርቋ ዘረጉላት። "ያዣት። ያንቺ ናት። እኔ ባዶ እጄን ገብቼ እነግረዋለሁ።"

ገቡ። ሂክማ ከበሩ ውጭ አበባዋን ይዛ ቆመች። አላፊው "ምን ያማረች ናት!" ይላል። የማግኖሊያ አበባ የእጅ ሙቀት አይችልም፤ ጣቶቿ ያረፉበት ሁሉ እያየችው ቡናማ ሆነ።

እማማ ሲወጡ ፊታቸው ደርቋል። "ነይ፣ ወደ ሰላማዊት ውሰጂኝ" አሉ።

"ስለቱስ?"

"እኔ ሚካኤልን የለመንኩት ለሦስት ዓመት ያህል ነበር። ሃያ መሆኑን ማን ነገረኝ? በዚህ ዓይን ሃያ ዓመት ልጠብቅ ነው? አደራውን አላነሣሁበትም፤ 'ዕድሜ ጨምርልኝ፣ እኔም የምችለውን ላግዝህ' አልኩት።"

እስከ ጤና ጣቢያው ድረስ ነጩ ዓይናቸው በሂክማ በኩል ነበር።

ሰላማዊት ስታያቸው ከወንበሯ ብድግ አለች። "ሂክማ፣ ምን ብለሽ አሳመንሻቸው? አንቺን እኮ ነው ማመስገን!" አለቻት። እማማ አልጋው ላይ ወጥተው ተንጋለሉ። ሐኪሙ በባትሪ አይቶ ግራው እንደሚተርፍ ተናገረ። ቀኙን ግን ሲያይ ራሱን ነቀነቀ፤ "ቀደም ብለው መጥተው ቢሆን ሁለቱም ይተርፉ ነበር። ምን አስቆየዎት?"

እማማ ፈንታነሽ ጭንቅላታቸውን ወደ ሂክማ አዞሩና ጠበቁ።

"እኔ ነኝ ያስቆየኋቸው" አለች ሂክማ። ሰላማዊት የያዘችውን ጥጥ እንደያዘች ዞረች። ሂክማ ደገመችው፤ "በውሸት ቀጠሮ ያስቆየኋቸው እኔ ነኝ።"

የእማማ እጅ ከአልጋው ጠርዝ ላይ እየዳበሰ መጣ።

"በይ አትገተሪ፣ እጄን ያዢኝ፤ መርፌ እፈራለሁ። ይቅርታውን ሌላ ቀን እናወራዋለን።"

ያዘቻቸው።

ግራው ዓይን ዳነ። ክረምቱ ገባ፤ ሂክማ ጠዋት ጠዋት በወደቀው አጥር ተሻግራ ውሃ ትቀዳላቸዋለች፣ እንጨት ትፈልጥላቸዋለች። እማማ "እግዜር ይስጥልኝ" ይሏታል፤ እንደ ድሮው ሂክሚ ግን አይሏትም። አንዳንድ ቀን ዛፏ ሥር ተቀምጠው ቅጠሏን እያዩ ሳለ፣ ሊናገሩ እንዳሰቡ ሁሉ ቀና ይሉና መልሰው ወደ ቅጠሏ ይዞራሉ። ሂክማ እንስራውን አስቀምጣ ጥቂት ትቆማለች። ለይቅርታው የተባለው ያ ሌላ ቀን መቼ እንደሆነ ግን አትጠይቅም።